ከቅጠል ስር የሚያብለጨልጩት

ሞርፎ የሚባለው ሰማያዊ ቢራቢሮ ዕድለኛ ነው። ግዙፍነቱ ከመካከለኛውና ከደቡብ አሜሪካ ጫካ አውጥቶ የፖስታ ካርድና የቱሪስት ሸሚዝ ጌጥ አድርጎታል። እዚያው ጫካ ውስጥ ሪዮዲኒድ የሚባሉ፣ ብዙዎቹ ከአውራ ጣት የማይበልጡ ቢራቢሮዎች አሉ። በዓለም ካሉት 1,500 ገደማ ዝርያዎቻቸው ከአሥሩ ዘጠኙ የሚገኙት በዚያው አህጉር ነው። የአንዳንዶቹ ክንፍ የብር ብናኝ የተነሰነሰበት ይመስላል። ግን ማን ያያቸዋል? አብዛኞቹ ሲያርፉ ቅጠል ስር ገብተው ይለጠፋሉ።

ብልጭታው ራሱ ከቀለም የመጣ አይደለም። በክንፉ ላይ የተደረደሩት ረቂቅ ቅርፊቶች ብርሃኑን እየሰባበሩ ይመልሱታል፤ ዝናብ ባራሰው አስፋልት ላይ የፈሰሰ ዘይት እንደሚያደርገው ማለት ነው።

እንግሊዛዊው ሄንሪ ዋልተር ቤትስ በ1848 ወደ አማዞን ሄዶ 11 ዓመት ነፍሳት ሲሰበስብ ኖረ፤ በ1868 ደግሞ የሪዮዲኒዶችን ቤተሰብ ዝርዝር አሳተመ። ሥራው ትልቅ ነው። ሆኖም በመርፌ ተወግቶ ሣጥን ውስጥ የተቀመጠ ቢራቢሮ መልኩን እንጂ ኑሮውን አይናገርም።

ኑሮው ደግሞ ከመልኩ ይበልጣል። ፓናማ ውስጥ ተመራማሪው ፊሊፕ ዴቭሪስ ያጠናት ቲስቤ ኢሬኒያ ከሪዮዲኒዶቹ አንዷ ናት፤ አባጨጓሬዋ የሚበላው ክሮቶን የሚባል ተክል ነው፤ የእኛ ብሳና የቅርብ ዘመዱ ነው። አባጨጓሬው ከጀርባው ፈሳሽ እያመነጨ ጉንዳኖችን ይቀልባል። ጭንቅላቱ አጠገብ ባሉ ሁለት ትንንሽ ዘንጎች ደግሞ ይፍቃል፤ ንዝረቱ በግንዱ ተጉዞ ጉንዳኖቹን ይጠራል። ዴቭሪስ ይህን በ1990 ሲያሳትም፣ ድምፅ የለውም ተብሎ የኖረው ትል ጥሪ እንዳለው ታወቀ። የጉንዳኖቹ ውለታ ዘብ መቆም ነው፤ አባጨጓሬ አዳኙን ተርብ ያባርራሉ።

ለዚህ ነው ጥቂት ቢራቢሮ በመረብ ቤት እያረቡ «ዝርያውን አዳንነው» ማለት ለእነዚህ የማይሠራው። ለሞርፎ ዓይነቱ ውብ ማሳያ ይሆን ይሆናል። ቲስቤ ግን የምትፈልገው ተክሉንም፣ ጉንዳኑንም፣ ሁለቱ የሚገናኙበትን የጫካ ጠርዝም ነው። የጥበቃ ገንዘብ የሚመድቡ ሰዎች ከፖስተሩ ዓይናቸውን አንስተው ይህን ጠርዝ ሊቆጥሩት ይገባል። ጉንዳን የሌለበት ክሮቶን ላይ ያለ አባጨጓሬ፣ የቱንም ያህል ቢፍቅ የሚደርስለት የለም፤ ተርቡ ይቀድማል።