የአዲስ አበባው ተወላጅ በግሪክ ሲኒማ

በስታዲየም አካባቢ ባሉት ሻይ ቤቶች የፊልም ጨዋታ ሲነሣ የተዋንያኑ ስም ይደረደራል፤ «ታሪኩን ማን ጻፈው?» የሚል ግን እምብዛም አይገኝም።

የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ረጅም ፊልም «ሂሩት አባቷ ማነው?» በ1957 ዓ.ም. ሲወጣ፣ ደራሲው ኢላላ ኢብሳ፣ ዲሬክተሩ ደግሞ ላምብሮስ ጆካሪስ የተባሉ ግሪካዊ ነበሩ። ይህን የሚያውቅ ብዙ ነው። ግሪኮችም በፈንታቸው ከእኛ ከተማ አንድ ደራሲ ማግኘታቸውን የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው።

እኚህ ሰው ኒኮ ፓፓታኪስ ይባላሉ። («ጉማ»ን ከሠሩት ከሚሼል ፓፓታኪስ ጋር እንዳይምታቱባችሁ።) በ1910 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ከግሪካዊ አባትና ከኢትዮጵያዊት እናት ተወለዱ። በ1928 ዓ.ም. ጣሊያን ሲወርረን፣ ገና የ17 ዓመት ወጣት ሳሉ ከኢትዮጵያ ወገን ተሰለፉ። ከዚያ ወዲያ ስደት ነው፤ በግሪክ አልፈው እ.ኤ.አ. በ1939 ፓሪስ ገቡ። እዚያም «ላ ሮዝ ሩዥ» የተባለውን ስመ ጥር የሙዚቃ ቤት ያዙ፤ አሜሪካዊው ጆን ካሳቬቴስ «ሻዶውስ»ን እንዲጨርስ በገንዘብ ከረዱትም አንዱ ሆኑ።

ለግሪክ ሲኒማ ያበረከቱት ግን የሚበልጥ ይመስለኛል። እ.ኤ.አ. በ1967 ኮሎኔሎቹ ሥልጣን በነጠቁበት ዓመት የሠሩት «እረኞቹ» አለ፤ አንዲት ድኻ እናት የባለጸጋውን ልጅ ዴስፒናን ለልጇ ለታኖስ ለማጨት ተነሥታ ውርደት ታተርፋለች።

እኔ የምወደው በ1986 የወጣውን «ፎቶግራፉ»ን ነው። ኢሊያስ የሚባል ወጣት ከኮሎኔሎቹ አገዛዝ ሸሽቶ ፓሪስ ወዳለው ዘመዱ ወደ ጌራሲሞስ ይመጣል። በኪሱ የማያውቃት ሴት ፎቶግራፍ አለ። «እኅቴ ናት» ይላል። ብቸኛው ጌራሲሞስ በሥዕሏ ፍቅር ይያዛል፤ ላግባት ይላል፤ ውሸቱም እንደ አራጣ ዕዳ ወለድ ይወልዳል። መጨረሻውን አልነግራችሁም። ፎቶግራፍ ተልኮለት ሙሽራ የሚመርጥ ስደተኛ ለእኛስ እንግዳ ነውን? ይህን ታሪክ ናዝሬት ወይም ደሴ ብታደርጉት ከስሞቹ በቀር የሚለወጥ አይኖረውም።

ሙሴ ኒኮ እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 2010 በ92 ዓመታቸው ፓሪስ ውስጥ ዐረፉ። ፈረንሳዮቹም ግሪኮቹም የእኛ ነው ይሏቸዋል። ከተማችን ከሲኒማ ቤቶቿ በአንዱ «ፎቶግራፉ»ን በአማርኛ ግርጌ ጽሑፍ ብታሳይ፣ ቲኬቱን ቀድሜ የምቆርጠው እኔ ነኝ።