ሠዓሊው ያየው የፈረስ ዕቃ

በባህላዊው አሣሣል የተሠራ የአድዋ ጦርነት ሥዕል ሳይ ዓይኔ የሚያርፈው ከጦሩ ይልቅ በፈረሱ ዕቃ ላይ ነው። ልጓሙ፣ ኮርቻው፣ የአንገቱ ጌጥ አንድ በአንድ ይሣላል፤ ፈረሰኛው እርካቡን በእግሩ አውራ ጣት መያዙ እንኳ አይዘለልም። ከላይ ቅዱስ ጊዮርጊስ በነጭ ፈረሱ ይወርዳል። ጠላት በጎን፣ በአንድ ዓይን ብቻ ይታያል።

በዚህ ስልት ከሠሩት አንዱ የብቸናው ቄስ አዳሙ ተስፋው ናቸው። ጎጃም ተወልደው በቤተ ክርስቲያን ተምረው ቀሰሱ፤ በኋላ ክህነቱን ትተው አዲስ አበባ በሥዕል ኖሩ። ቅዱሳኑን፣ የታሪክ ጦርነቶችንና የገጠሩን ኑሮ ሣሉ። እ.ኤ.አ. በ2005 ሎስ አንጀለስ የሚገኘው ፋውለር ሙዚየም ሕይወታቸውንና ሥራቸውን የሚያሳይ ዐውደ ርዕይ አዘጋጅቷል፤ ሬይመንድ ሲልቨርማንም መጽሐፍ ጽፈውላቸዋል። እንዲህ ያሉ ሠዓሊዎች የመጡት ጌታ በፈረሱ ስም ከሚጠራበት አገር ነው፦ ምኒልክ አባ ዳኘው፣ ራስ አሉላ አባ ነጋ።

ዛሬ ፈረሱ ጋሪ ይጎትታል፤ ዕቃውም ብዙ ጊዜ የናይሎን ገመድና የጎማ ቁራጭ ነው። ገመዱ ትከሻውንና ደረቱን ይልጣል። በፈንገስ የሚመጣው፣ በቆዳው ሥር እንደ መቁጠሪያ እየተያያዘ የሚያብጥና የሚፈነዳው ኢፒዙቲክ ሊምፋንጃይቲስ የሚገባው በዚያ ቁስል ነው፤ ዝንብም ከፈረስ ወደ ፈረስ ያዛምተዋል። ለአፍሪካ የፈረስ በሽታ ቢሾፍቱ የሚገኘው ብሔራዊ የእንስሳት ጤና ተቋም ክትባት ያመርታል። ለዚህኛው ግን ባለጋሪው የሚያገኘው ክትባት የለም፤ ሕክምናውም ረጅም ነው፤ ከዘገየ አይሠራም። ፈረሱ ሲብስበት መንገድ ላይ ይጣላል፤ የቤተሰቡም የዕለት ገቢ በዚያው ይቆማል።

ይህ ኪሳራ በሒሳባችን የለም። እኛ የምንቆጥረው ሥጋ፣ ወተትና ቆዳ ነው፤ ፈረስ ደግሞ አይታረድም፣ አይታለብም። ኢጋድ ያስጠናው የእንስሳት ሀብት ስሌት የእርሻ ጉልበትን ሲጨምር የኢትዮጵያ እንስሳት ለኢኮኖሚው ያላቸው ድርሻ ከይፋዊው ቁጥር እጅግ ከፍ ብሎ ነበር። ከዚያ ወዲህም የጋማ ከብት በጀት ከፍ ሲል አላየሁም። ጉልበቱ ያልተተመነ እንስሳ ምን እንደሚገጥመው እዚህ ኬንያ በአህያ አይተናል፦ ቆዳው ብቻ ዋጋ አገኘ፣ ቄራ ተከፈተ፣ በ2020 መንግሥት አገደ፣ በ2021 ፍርድ ቤት እገዳውን ሻረ። የአፍሪካ ኅብረት ለቆዳው ሲባል አህያ እንዳይታረድ የወሰነው በ2024 ነው።

አንዳንድ የሥራ ባልደረቦቼ መፍትሔው ተጨማሪ መድኃኒት ነው ይላሉ። አልስማማም። ቁስሉን የሚያመጣው ዕቃ ሳይለወጥ መድኃኒት መግዛት በሚያፈስ ጣሪያ ሥር ወለል እንደ መወልወል ነው። በየከተማው ቆዳ የሚሰፉ ባለሙያዎች አሉ፤ ንጣፍ ያለው የደረት ማሰሪያ መሥራት አያቅታቸውም። የሚቀጥለው የእንስሳት ጤና ፕሮጀክት ሲነደፍ ከመድኃኒቱ ወጪ በፊት ለፈረስ ዕቃ አንድ መስመር ይግባ። ለስሌቱ ሦስት ቁጥር ይበቃል፦ የጋሪው የቀን ገቢ፣ ፈረሱ በቁስል ምክንያት ያልሠራባቸው ቀናትና የዕቃው ዋጋ። ሦስቱንም ጋሪ ማቆሚያ ሄዶ ባለጋሪውን በመጠየቅ ማግኘት ይቻላል።