የቤተሰብ ጠብና የተቆለፈ በር፦ በኢስትሊ ‘አካልን ነጻ የማውጣት’ አቤቱታ እስከ የት ይደርሳል?

በናይሮቢ ኢስትሊ፣ ከገበያው ትርምስ ጀርባ፣ ከውጭ ሲታዩ ተራ መኖሪያ ወይም አዳሪ ትምህርት ቤት የሚመስሉ ግቢዎች አሉ። ሶማሊኛ ተናጋሪዎች “ዸቀን ዔሊስ” ይሏቸዋል፤ “ወደ ባህል መመለስ” እንደማለት ነው። ከአውሮፓና ከሰሜን አሜሪካ የሚመጡ፣ “ጠባያቸው ተበላሸ” የተባሉ ወጣቶች በቤተሰቦቻቸው ውሳኔ ይገቡባቸዋል። ብዙዎቹ የመጡት ለዕረፍት ወይም ዘመድ ለመጠየቅ መስሏቸው ነው። ከወጡ በኋላ ስለ ድብደባ፣ ስለ ሰንሰለትና በግዳጅ ስለተፈጸመ ጋብቻ የተናገሩ አሉ።

ለወላጆቹ ጉዳዩ የቤት ገመና ነው። ሕጉ ግን የሚጠይቀው ሌላ ነገር ነው፦ ይህ ሰው የት ነው? በማን ፈቃድስ ተያዘ?

በኬንያ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 25 መሠረት በምንም ምክንያት ሊገደቡ የማይችሉት መብቶች አራት ብቻ ናቸው። አንዱ አካልን ነጻ የማውጣት ትዕዛዝ የማግኘት መብት ነው። የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 389 ደግሞ ከፍተኛው ፍርድ ቤት በመንግሥት ብቻ ሳይሆን በግለሰብ እጅ ያለ አግባብ የተያዘንም ሰው እንዲለቅ ሥልጣን ይሰጠዋል። ስለዚህ አቤቱታው በፖሊስ ጣቢያ ላይ ብቻ ሳይሆን በባል፣ በአባት ወይም በአጎት ላይም ሊቀርብ ይችላል።

ይህ ሁልጊዜ እንዲህ አልነበረም። ኬንያ ሥርዓቱን በወረሰችባት እንግሊዝ እአአ በ1840 ፍርድ ቤት ባል ሚስቱን ቤት ውስጥ ዘግቶ ማቆየቱን ተቀብሎት ነበር። ባል ይህን የማድረግ መብት የለውም የተባለው በ1891 ነው።

መሣሪያው ግን በሁለት በኩል ይቆርጣል። በሕንድ ኬረላ አንድ አባት ሃይማኖቷን የለወጠች የ24 ዓመት ልጁን ለማስመለስ ይህንኑ አቤቱታ አቀረበ፤ የግዛቲቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤትም እአአ በ2017 ጋብቻዋን አፈረሰ። የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ውሳኔውን የሻረው በቀጣዩ ዓመት ነው። ነጻ ሊያወጣት የሚገባው አቤቱታ ለወራት ከባሏ ነጥሎ አቆያት።

ስለዚህ ዕድሜ ወሳኝ ነው። 18 ዓመት የሞላውን ሰው ወላጅ “የእኔ ነው” ብሎ ሊያስቀምጠው አይችልም። ከዚያ በታች ከሆነ ግን ክርክሩ ስለ አሳዳጊነትና ስለ ልጁ ጥቅም ይሆናል፤ ትክክለኛው ቦታም የሕፃናት ፍርድ ቤት ነው። በፍቺ የተጣሉ ወላጆች ልጅ ለመነጣጠቅ ሲሉ አካልን ነጻ የማውጣት አቤቱታን እንደ አቋራጭ መጠቀማቸው አያዋጣም።

በወረቀት ላይ መንገዱ ቀላል ነው። በአንቀጽ 22 መሠረት በራሱ መቅረብ ለማይችል ሰው ሌላው ሊያመለክትለት ይችላል፤ ለመክፈቻ የዳኝነት ክፍያ አይጠየቅም። ችግሩ ማስረጃው ላይ ነው። አመልካቹ ሰውየው በተከሳሹ እጅ መሆኑን ማሳየት አለበት፤ ስልኩን የተነጠቀ ወጣት ደግሞ ያለበትን ሰፈር እንኳ ላያውቅ ይችላል። ከውጭ ሆኖ የሚፈልገው ሰው ከሌለ፣ አቤቱታውን ማን ይጽፍለታል?

ኢስትሊ ውስጥ ለሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ሐሳቡ እንግዳ አይደለም፤ በ1958 ዓ.ም. የወጣው የኢትዮጵያ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 177 ይህንኑ መብት ይዟል። ሆኖም የሚታወቀው ከፖሊስ እስር ጋር ተያይዞ ነው፤ ባሏ የቆለፈባት ሚስት ጉዳይ ለሽማግሌ የሚተው ይመስላል። የመኖሪያ ፈቃድ የሌላት ሴት ደግሞ ፓንጋኒ ፖሊስ ጣቢያ ለመግባት ሁለት ጊዜ ታስባለች። እአአ በ2014 በ“ኡሳላማ ዎች” ዘመቻ በኢስትሊ በሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ተይዘው ብዙዎች በካሳራኒ ስታዲየም መታጎራቸው አልተረሳም።

ትዕዛዙ ቢወጣ እንኳ የሚከፍተው በሩን ብቻ ነው። ፓስፖርቱ አሁንም በአጎት ኪስ ውስጥ ሊሆን ይችላል፤ የተፈታው ወጣት በከተማው የሚያውቀው ብቸኛ ቤትም ያስገቡት ዘመዶቹ ቤት ነው። ኖርዌይ በናይሮቢ ኤምባሲዋ እንዲህ ያሉ ጉዳዮችን የሚከታተል ልዩ ሠራተኛ የመደበችው ለዚህ ነው። እንዲህ ያለ ኤምባሲ የሌለው ሰው ከሚሊማኒ ፍርድ ቤት ደጃፍ የሚወጣው የዳኛውን ትዕዛዝ ብቻ ይዞ ነው።