ኤዲተሩም ስም አለው

ባለፈው ጥር፣ ቡርንስቪል በበረዶ ተሸፍና ሳለች፣ የእናቴን ቪዲዮ ኤዲት ሳደርግ አመሸሁ። እማዬ ካረፈች ዓመት ሊሞላት ነበር። ከደሴ እንዴት እንደወጣች፣ እንዴት እንዳገባች፣ እኛን እንዴት እንዳሳደገች ስታወራ በስልኬ የቀዳሁት 11 ሰዓት ያህል አለኝ። ለሙት ዓመቷ 20 ደቂቃ ላደርገው አሰብኩ። ጥሩ ጥሩውን መረጥኩ፤ የሶፍትዌር ሰው ነኝና፣ ዝምታን እየፈለገ በራሱ የሚቆርጥ ፕሮግራም ለቀቅኩበት። ወዲያው አለቀ።

እህቴ አይታው «ይሄማ እማዬ አይደለችም» አለችኝ።

እውነቷን ነው። እማዬ ስለሞተው ወንድሟ ስትጠየቅ መጀመሪያ ነጠላዋን ታስተካክላለች፣ ሲኒዋን ታያለች፣ ከዚያ ነው የምትመልሰው። እኔ መልሱን አስቀርቼ ሀዘኑን ቆርጬ ጥያለሁ።

ከዚያ በኋላ የፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማን «ጤዛ» (እ.ኤ.አ. 2008) ደግሜ አየሁት። ፊልሙን ጽፈው ያዘጋጁት እሳቸው ናቸው፤ ከኤዲተሮቹም አንዱ ናቸው። ጀርመን የተማረው ሐኪም አንበርብር እግሩንና ትዝታውን አጥቶ ወደ መንደሩ ይመለሳል። ልጅነቱ፣ የጀርመን ኑሮው፣ የደርግ ዘመን እየተቆራረጡ ይመጣሉ። እሱ ትዝታውን ሲለቃቅም እኛም አብረነው እንለቅማለን። ያው ታሪክ በቅደም ተከተል ቢደረደር የሕመሙ ስሜት ይጠፋ ነበር። «ሳንኮፋ»ንም (1993) ኤዲት ያደረጉት ራሳቸው ናቸው። አከፋፋይ ሲያጡ ደግሞ ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ከከተማ ከተማ አሳዩት።

እንግሊዛዊቷ አን ኮትስ ደግሞ «ላውረንስ ኦፍ አረቢያ»ን (1962) ኤዲት አድርገው ኦስካር ወስደዋል። ክብሪቱ እፍ ሲባል በረሃው ላይ ፀሐይ የምትወጣበት ዝነኛ ሽግግር ያለው እዚያ ፊልም ላይ ነው። ከዚያም «ዘ ኤሌፋንት ማን» (1980) እና «ኤሪን ብሮኮቪች» (2000) አሉ። የጦርነት፣ የብቸኛ ሰው፣ የሕግ ክርክር ፊልም፤ ሁሉም በአንድ ሰው እጅ አልፈዋል። ስማቸውን ግን ስንቶቻችን እናውቃለን?

በእኛ ዘንድ ኤዲተር ማለት «ላፕቶፕ ያለው ልጅ» ነው። ሠርግ ሲሆን ለካሜራው እንከፍላለን፤ ለኤዲቱ «አንድ ቀን አይፈጅብህም» እንላለን። አሁን ደግሞ «ኤአይ ይሠራዋል» የሚል መጥቷል። በሙያዬ ከዚህ ነገር ጋር ስለምውል ልናገር፤ ማሽኑ ዝምታን የሚያውቀው ድምፅ የሌለበት ቦታ አድርጎ ነው። የማን ዝምታ እንደሆነ የሚያውቅ ሰው አጠገቡ ካልተቀመጠ ይቆርጠዋል።

ስለዚህ ሦስት ነገር እላለሁ። የማኅበር፣ የቤተ ክርስቲያንም ሆነ የመስጊድ ቪዲዮ ስታሠሩ ለኤዲተሩ ክፈሉት፣ ስሙንም ጻፉለት። ያልተቆረጠውን ቅጂ አትደምስሱ፤ የዛሬው ትርፍ ለልጅ ልጅ ዋናው ሊሆን ይችላል። ልጃችሁ ፊልም ልማር ካለች ደግሞ «ኮምፒውተር ይሻልሻል» ከማለታችሁ በፊት ትንሽ አስቡበት። ኮምፒውተሩን የተማርኩት እኔ እናቴን ማሳየት አቅቶኝ ነበር።

ቪዲዮውን እንደ አዲስ ሠራሁት። 32 ደቂቃ ሆነ። ወንድሟን የጠየቅኳት ቦታ ላይ ዘጠኝ ሰከንድ ሙሉ ምንም አትናገርም። በሙት ዓመቷ ዕለት እህቴ ያለቀሰችው እዚያ ጋ ነው።

ቸር እንሰንብት።