ቅንጨ አረምን ያየ የጉምሩክ ቅጽን አይንቅም

ከመርሳ ተነስቶ በሲሪንቃ በኩል ወደ ወልድያ የሚያልፍ ሰው ክረምቱ ሲገባ በየመንገዱ ዳር አንድ አረም አያጣም። ቅጠሉ እንደ ካሮት ቅጠል የተተለተለ፣ አበባው ነጭና ጥቃቅን ነው። ለማያውቀው ሰው ለምለም ሣር ይመስላል፤ ለሰሜን ወሎው የሐብሩ ወረዳ ገበሬ ግን የማሽላውም፣ የከብቱም፣ የገዛ ቆዳውም ጠላት ነው። ቅንጨ አረም ይባላል። በእጁ የነቀለውን ሰው ያሳክከዋል፣ የበላችው ላም ወተቷ ይመራል። በምሥራቅ ኢትዮጵያ የተደረገ ጥናት እንዳሳየው ደግሞ ማሳ ውስጥ ዝም ከተባለ የማሽላን ምርት ከ40 እስከ 97 በመቶ ይቀንሳል። አንዱ ተክል ብቻውን ከ10 ሺህ በላይ ፍሬ ያፈራል፤ ፍሬው ከጤፍ ቅንጣት ብዙም አይበልጥም። ይህ አረም የእኛ አገር በቀል አይደለም። የትውልድ ቦታው በሜክሲኮ ባሕረ ሰላጤ ዙሪያ ያለው የአሜሪካ ምድር ነው። ኢትዮጵያ ውስጥ የታወቀው በ1970ዎቹ ሲሆን፣ አንዳንድ ተመራማሪዎች ከሶማሊያው ጦርነት ተሽከርካሪዎች ጋር እንደመጣ፣ ሌሎች በረሃቡ ዘመን ከእርዳታ እህል ጋር እንደገባ ይገምታሉ። ወደ ሕንድም በ1950ዎቹ እ.ኤ.አ. የገባው ከውጭ ከመጣ ስንዴ ጋር ነው ይባላል። ከግምቶቹ የትኛውም ልክ ቢሆን በሰው ጭነት ውስጥ ተደብቆ መምጣቱን ሁሉም ይስማሙበታል። በሩ ላይ ያስቆመው ግን አልነበረም።

ይህን ያነሳሁት ስለ አረም ለመጻፍ ብዬ አይደለም። ወደ ውጭ አገር የሚሄድ ወገናችን አውሮፕላን ላይ ወይም አየር ማረፊያ ሲደርስ ስለሚሞላው የጉምሩክ ማስታወቂያ ቅጽ፣ እኛ ዲክላራሲዮን ስለምንለው ወረቀት ነው። ብዙ ሰው ይህን ቅጽ የሚያየው እንደ ወጥመድ ነው። «ምግብ ይዘዋል?» የሚለው ጥያቄ ላይ ሲደርስ፣ ሻንጣው በበርበሬና በሽሮ ታጭቆ እያለ፣ «የለም» የሚለው ላይ ምልክት አድርጎ ያልፋል። ይህ ልማድ መቅረት አለበት እላለሁ። ምክንያቴም ቅጣቱ ብቻ አይደለም። ያ ጥያቄ ለምን እንደሚጠየቅ ከማንም በላይ ሊገባው የሚገባ ሰው ቢኖር ቅንጨ አረምን በእጁ ሲያርም የዋለው የሲሪንቃና የመርሳ ሰው ነው።

ቅጹ ምን እንደሚል እንመልከት። ወደ አሜሪካ የሚገባ ተጓዥ ፍራፍሬ፣ አትክልት፣ ተክል፣ ዘር፣ ምግብ ወይም ነፍሳት መያዝ አለመያዙን ይጠየቃል። ስለ ሥጋና የእንስሳት ተዋጽኦ፣ ስለ አፈር፣ እርሻ ወይም የግጦሽ መሬት ላይ ስለመዋሉ፣ ከከብት ጋር ስለመቀራረቡም ይጠየቃል። ከሲሪንቃ ልጁን ሊጠይቅ ለሄደ ገበሬ የመጨረሻዎቹ ጥያቄዎች መልስ «አዎ» ነው፤ ሌላ መልስ የላቸውም። በጫማው ጎድጎድ ውስጥ የደረቀው ጭቃ ከማሳው የመጣ ነው፣ የቅንጨ አረም ፍሬም በእንዲህ ያለ ጭቃ ተጣብቆ ብዙ አገር ይዞራል። «አዎ» ቢል ምን ይደርስበታል? ጫማው ይታያል፣ ካስፈለገ ይጸዳል፣ ከዚያ ወደ ልጁ ቤት ይሄዳል። «የለም» ብሎ ቢገኝ ግን ነገሩ ወደ ሐሰተኛ ቃል ይዞራል። ሰው በተደጋጋሚ የሚስተው ይህንን ነው። በአብዛኞቹ አገሮች ተራ ምግብን በተመለከተ ቅጣቱ የሚመጣው በዝምታው ነው። የተከለከለ ምግብ ይዞ የተናገረ ሰው ዕቃው ይወሰድበታል እንጂ አይቀጣም፤ ያልተናገረ ሰው ግን በአሜሪካ ለመጀመሪያ ጊዜ ጥፋት እስከ 1000 ዶላር ሊቀጣ ይችላል፣ ኒውዚላንድ ደግሞ እዚያው ቆሞ 400 የአገሩን ዶላር ይከፍላል። አውስትራሊያ ከዚህም አልፋ ቪዛ ትሰርዛለች፤ በ2019 እ.ኤ.አ. ጥሬ የአሳማ ሥጋን ጨምሮ ወደ 10 ኪሎ የሚጠጋ ምግብ ሳታስመዘግብ የተገኘች ቬትናማዊት ጎብኚ ከአየር ማረፊያው ወደ መጣችበት ተመልሳለች። ወረቀቱ በቀረባቸውና ጥያቄው በቃል ብቻ በሚቀርብባቸው አየር ማረፊያዎችም ነገሩ ያው ነው፤ ለመኮንኑ የተሰጠ የቃል መልስ ቅጽ ላይ እንደተፈረመ ይቆጠራል።

እዚህ ላይ የሚነሳው የመጀመሪያው ተቃውሞ የልብ ነው፤ ቀላል አድርጌ ላልፈው አልፈልግም። «እናቴ ሦስት ቀን ፀሐይ ላይ አስጥታ ያዘጋጀችልኝን ስንቅ እንዴት በእጄ አሳልፌ እሰጣለሁ?» ይባላል። ለዚህ የምመልሰው፣ ፍርሃቱ ካለማወቅ የመጣ ስለሆነ ከሚገባው በላይ ገዝፏል የሚል ነው። ሻንጣው ውስጥ ካለው ስንቅ አብዛኛው ያልፋል። የተፈጨ በርበሬ፣ ሽሮ፣ በሶ፣ ዳቦ ቆሎ፣ የተቆላ ቡና በደንብ ታሽጎና ምንነቱ ተጽፎበት ከተነገረ ብዙ ጊዜ ችግር አይገጥመውም። ጥሬ ቡና እንኳ ወደ አሜሪካ ዋና ምድር ይገባል፤ ቡና አብቃይ ወደሆነችው ሃዋይ ግን አይገባም። የሃዋይ ሰዎች ቡናቸውን ከበሽታ ለመጠበቅ ያወጡትን ሕግ ከቡና አገር የሄደ ሰው ሊነቅፈው አይችልም። በእርግጥ የማያልፉ አሉ። ቋንጣ ወደ አሜሪካም፣ ወደ አውስትራሊያም፣ ወደ አውሮፓ ኅብረትም አይገባም። ኅብረቱ ቅቤና አይብንም ይከለክላል። ለመዝራት የታሰበ የጎመን ወይም የበሶብላ ዘር ደግሞ ከአገር ቤት የዕፅዋት ጤና ምስክር ወረቀት ይጠየቅበታል።

ቋንጣው ለምን ይከለከላል ለሚል ሰው የእንግሊዝን ታሪክ ልንገር። በ2001 እ.ኤ.አ. የአፍና እግር በሽታ እዚያ አገር ገባ። በሽታው የተዛመተው፣ በሕገወጥ መንገድ ከውጭ የገባ ሥጋ በምግብ ትራፊ ውስጥ ተቀላቅሎ ለአሳማዎች ከተሰጠ በኋላ ነው ተብሎ ይታመናል። በሽታውን ለመግታት ከ6 ሚሊዮን በላይ በግና ከብት፣ ጤነኛውም ጭምር፣ ታርዶ ተቃጠለ፤ ተቀበረ። የአፍና እግር በሽታ ኢትዮጵያ ውስጥ ስላለ ቋንጣችን በሌላው አገር ዓይን ከዚያ ሥጋ አይለይም። ይህ ንቀት አይደለም። በሬው ሲታመምበት ቤተሰቡ የሚራብ የሐብሩ ሰው፣ የሌላው ገበሬ በሬም እንደዚሁ መሆኑን ለመረዳት አይቸገርም።

ሁለተኛው ተቃውሞ «ተባይ በነፋስም ይመጣል፤ እኔ አንድ ከረጢት ሽሮ ብናገር ምን ይጠቅማል?» የሚል ነው። እውነት ነው፣ በ2013 ዓ.ም. መጀመሪያ የሰሜን ወሎን ማሽላ የበላው የበረሃ አንበጣ የመጣው በክንፉ ነው፤ የትኛውም የጉምሩክ ሠራተኛ አያስቆመውም። ነገር ግን ከሰማይ የሚመጣውን መከልከል ያልቻለ ሰው ደጃፉን ከፍቶ አያድርም። አንበጣው ከርሞ ሄደ። ቅንጨ አረም ግን ከ40 ዓመት በኋላም እዚያው ማሳ ላይ ነው።

ሦስተኛው ተቃውሞ የሚከብደውና በከፊልም እኔ የምቀበለው ነው። ቅጹ በእንግሊዝኛ ወይም በዐረብኛ ነው። ከሐብሩ፣ ከጉባላፍቶና ከራያ ቆቦ ወደ ሳዑዲ ዓረቢያና ወደ ሌሎች የዐረብ አገሮች የሚሄዱ ወጣቶች፣ በተለይ ለቤት ሠራተኝነት የሚጓዙት ሴቶች፣ አብዛኞቹ የመጀመሪያ ጉዟቸው ነው። ያላነበቡትን መፈረም ጥፋታቸው አይደለም፤ ከመሄዳቸው በፊት ያላሳያቸው ሰው ጥፋት ነው። በሕጋዊ መንገድ የሚሄዱት ከጉዞ በፊት ሥልጠና እንዲወስዱ በውጭ አገር የሥራ ስምሪት አዋጅ ቁጥር 923/2008 ተደንግጓል። በዚያ ሥልጠና ውስጥ የሚሄዱበት አገር ቅጽ በወረቀት ታትሞ፣ በአማርኛ ተተርጉሞ፣ በእጃቸው እንዲሞሉት ቢደረግ ከአንድ ሰዓት በላይ አይወስድም። እግረ መንገዱንም ሊነገራቸው የሚገባ ከባድ ነገር አለ። «ከተናገርኩ አልቀጣም» የሚለው ሕግ ለምግብ እንጂ ለጫት አይሠራም። ጫት በሳዑዲ እንደ አደንዛዥ ዕፅ ይታያል፣ በእንግሊዝም ከ2014 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ተከልክሏል። ጎረቤት «ለዘመድ አድርሺልኝ» ብሎ የሰጣትን የታሰረ ጥቅል ሳትፈታ የተሸከመች ልጅ ለእስር ልትዳረግ ትችላለች። ስለዚህ ራሷ ያልፈታችውንና ያላየችውን ጥቅል ሻንጣዋ ውስጥ አታስገባ።

በሩ የተሠራው ለመከልከል ብቻ እንዳልሆነ ደግሞ የሰሜን ወሎ ማሳ ራሱ ይመሰክራል። አቀንጭራ የሚባለው ሌላ አረም የማሽላን ሥር እየመጠጠ ገበሬውን ሲያስለቅስ፣ በአሜሪካ ፐርዱ ዩኒቨርሲቲ የሚሠሩት ፕሮፌሰር ገቢሳ እጀታ አረሙን የሚቋቋሙ ዝርያዎችን አወጡ፤ በ2009 እ.ኤ.አ. የዓለም የምግብ ሽልማት ያገኙትም በማሽላ ሥራቸው ነው። ከእነዚያ ዝርያዎች ሁለቱ ኢትዮጵያ ውስጥ ተሞክረው፣ ጸድቀው፣ ጎብዬና አብሽር ተብለው ለገበሬ ተለቀቁ። ጎብዬ የሚለው ስም በወልድያና በቆቦ መካከል ያለችውን ከተማ ያስታውሳል። የሲሪንቃ ግብርና ምርምር ማዕከልም ብርሃን የሚባል አቀንጭራን የሚቋቋም ማሽላ አውጥቷል። ቅንጨ አረምን ለመዋጋት የመጣችው ጥንዚዛም እንዲሁ በበሩ ነው የገባችው። ዘሯ ከሜክሲኮ የሆነችው ይህች ጥንዚዛ ከደቡብ አፍሪካ በፈቃድ መጥታ፣ አምቦ ላይ በተዘጋ የኳራንታይን ቤት ጤፉንና ኑጉን እንደማትነካ ለዓመታት ከተፈተሸች በኋላ በ2016 እ.ኤ.አ. ወደ ማሳ ተለቀቀች። አረሙ ማንም ሳያየው በአንድ ጭነት ገባ፤ መድኃኒቱን ለማስገባት ግን ዘጠኝ ዓመት ገደማ ፈጀ። የዚያ ቅጽ ጥያቄ ክብደቱ የሚገባኝ እነዚህን ሁለት ጉዞዎች ጎን ለጎን ሳያቸው ነው።

ወደ አገራችን ስንመለስም ጥያቄው ይከተለናል። ከውጭ ለእረፍት የሚመጣ ወንድም ለአባቱ ጓሮ የሚሆን የብርቱካን ችግኝ ወይም የቲማቲም ዘር በካልሲ ጠቅልሎ ቢያመጣ ደግነት ይመስለዋል። በ2010 እ.ኤ.አ. በምሥራቅ ወለጋ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየችው የማንጎ ነጭ ተባይ ከውጭ ከመጡ ችግኞች ጋር እንደገባች ይታመናል፤ ከዚያ ወዲህ ወደ ሌሎች ማንጎ አብቃይ አካባቢዎች ተዛምታለች። ማንጎና ፓፓያ ለሚሸጥባት ለመርሳ ይህ የሩቅ ወሬ አይደለም። ዘርና ችግኝ ከመምጣቱ በፊት ፈቃድና የዕፅዋት ጤና ምስክር ወረቀት እንደሚያስፈልገው ሕጋችን ይደነግጋል፤ ከአገር የሚወጣውን የዘር ሀብትም አዋጅ ቁጥር 482/1998 ያለ ፈቃድ እንዳይወጣ ይከለክላል። ነገር ግን ቦሌ ላይ ሰው የሚፈራው ስለ ስልኩና ስለ ላፕቶፑ መጠየቅን ነው። ስለ ዘር የሚጠይቅም፣ ለመጠየቅ የሚዘጋጅም ጥቂት ነው። የጉምሩክ ኮሚሽንና የኢትዮጵያ ግብርና ባለሥልጣን ለመጪ ተጓዦች «ዘር፣ ችግኝ ወይም አፈር ይዘዋል?» የሚል አንድ ጥያቄ በግልጽ አማርኛ፣ በትልቅ ፊደል፣ ሻንጣ መቀበያው ፊት ለፊት ቢለጥፉ ከብዙ ስብሰባ የበለጠ ይሠራል።

በወልድያና በመርሳ ተጓዦችን የምታሠለጥኑ፣ ሰነድ የምታዘጋጁ፣ ልጆቻችሁን የምትሸኙ ሁሉ፣ ሻንጣው ከመዘጋቱ በፊት አብራችሁ ቁጭ በሉና በውስጡ ያለውን አንድ በአንድ በወረቀት ጻፉት። ቋንጣውን አውጡትና ቤት ብሉት። የቀረውን እያንዳንዱን በየስሙ አሽጉት፤ ተጓዧንም ዝርዝሩን ከፓስፖርቱ ጋር አስይዟት። መኮንኑ ሲጠይቃት ወረቀቱን ዘርግታ «አዎ፣ ምግብ ይዣለሁ፤ ይኸው» ትበል።