ንፍቅ ስለሆነው ተዋናይ

ባለፈው ሰንበት በአቃቂ ከሰንበቴ ማኅበር ጋር ተቀምጠን ሳለ የተዋናዩ የአቶ ደበበ እሸቱ ነገር ተነሣ። ተምረዋል የሚባሉ አንድ የከተማችን ሰው «እሳቸውማ በፈረንጅ ሲኒማ ሁለተኛ ሰው ሆነው የቀሩ ናቸው» ብለው ነገሩን እንደ ቀልድ ዘጉት። የተቀመጠውም ሁሉ ሳቀ። እኔ ግን መልስ ሳልሰጥ መነሣቴ ስለ ቈጨኝ ይህን እጽፋለሁ።

ሲኒማው «ሻፍት ኢን አፍሪካ» ይባላል። እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር በ1973 የወጣ፣ ከፊሉም በአገራችን ምድር የተቀረጸ ነው። ዋናው ሰው አሜሪካዊው ሪቻርድ ራውንድትሪ ነበረ። ይህስ ይሁን፤ ታሪኩ የእርሱ ነውና። ነገር ግን አለሜ የሚል የአማርኛ ስም የተሰጣትን የአሚሩን ልጅ የተጫወተችው አሜሪካዊት ቮኔታ ማክጊ ናት፤ አሚሩንም የሆነው በጉያና የተወለደው ሳይ ግራንት ነው። ለአገሬው ተወላጅ ለአቶ ደበበ የደረሳቸው ዋሳ የሚባለው ሰው ነው። እንግዲህ ሁለተኛ ያደረጋቸው የችሎታቸው ማነስ ነውን? ወይስ ገንዘቡን ያወጣው ሰው ምርጫ?

ነገሩ የአሜሪካኖች ብቻ አይደለም። በ1976 በሶቪየት ኅብረት አሌክሳንደር ሚታ የንጉሥ ጴጥሮስን ጥቁር ባለሟል የአብራም ሐኒባልን ታሪክ በሲኒማ ሲያወጣ፣ ሐኒባልን የሆነው ነጩ ቭላድሚር ቪሶትስኪ ፊቱን ጥቁር ተቀብቶ ነው። ሐኒባል የፑሽኪን ቅድመ አያት መሆኑን፣ ዛሬ ሊቃውንት ቢከራከሩበትም ትውልዱ ከሐበሻ ነው ሲባል መኖሩን አንባቢ ያውቃል። ጥቁሩ ሰው በገዛ ታሪኩ ቦታ አላገኘም።

ደግሞስ ሁለተኛ መባል ከመቼ ወዲህ ስድብ ሆነ? ቅዳሴያችን ያለ ንፍቅ ካህን አይቀደስም። ከልዑካኑ አንዱ ቢጐድል ሠራዒው ካህን ብቻውን ምን ያደርጋል? በመቅደስ ንፍቁን እያከበርን በመድረክ ያለውን ንፍቅ መናቃችን ከየት የመጣ ነው? (ሲኒማን ከቅዳሴ አወዳደርህ የሚለኝ ካህን ቢኖር፣ ያመሳሰልሁት የሥራውን ሥርዓት እንጂ ክብሩን አይደለም።)

ይልቁንም የሚያሳዝነኝ ሌላ ነው። አቶ ደበበ ከነፍስ ኄር ወጋየሁ ንጋቱ ጋር በሃንጋሪ አገር የተውኔት ጥበብ ተምረው ተመልሰው፣ ጕልበታቸውን የሰጡት ለአማርኛ መድረክ ነው። በሰንበቴው የሳቁት ግን ከሰውዬው ሁለት ነገር ብቻ ያውቃሉ፤ ያን የፈረንጅ ሲኒማና በ1998 ዓ.ም. ከቅንጅት መሪዎች ጋር መታሰራቸውን። የአሜሪካኖቹ ሥራ ከሃምሳ ዓመት በኋላም ቍጭ ተብሎ ይታያል። የአማርኛው መድረክ ሥራ ግን አብዛኛው መጋረጃው ሲወርድ አብሮ ወረደ፤ ያየውም ሰው ሲሞት አብሮ ይቀበራል። ብራና ፍቀን፣ ቀለም በጥብጠን የአባቶችን ድርሳን ለልጅ ልጅ ያቈየን ሰዎች፣ የገዛ ዘመናችንን ድምፅና መልክ ለማስቀመጥ ሰነፍን። ከዚያ ወዲያ ፈረንጅ ባስቀረልን ቍራጭ ሰውን እንመዝናለን።

እኒያን የከተማችንን ሰው በሚመጣው ሰንበት አገኛቸዋለሁ። አቶ ደበበን በአማርኛ መድረክ ላይ ስንት ጊዜ እንዳዩአቸው እጠይቃቸዋለሁ።