ሆሊዉድ ያስቀመጠው ደበበ እሸቱ

አንድ የኮምቦልቻ ልጅ ዛሬ ማታ ስልኩን አንስቶ «ደበበ እሸቱ እንዴት ያለ ተዋናይ ነበር?» ብሎ ቢፈልግ ቶሎ እጁ የሚገባው የአሜሪካ ፊልም ነው። «ሻፍት ኢን አፍሪካ» ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1973 የወጣ፣ ሪቻርድ ራውንድትሪ የሚመራው፣ ከፊሉ ኢትዮጵያ ውስጥ የተቀረጸ ፊልም ነው። ደበበ በዚህ ፊልም ዋሳ የተባለውን ሰው ሆኖ ይጫወታል። መሪ ሚና አይደለም፤ ተመልካቹ ቲኬት የሚቆርጠው ለራውንድትሪ ብሎ ነው።

(የፊልሙ ታሪክ ለወሎ ሰው ሩቅ አይደለም። አፍሪካውያን ወጣቶችን በሥራ ስም አታልለው ወደ አውሮፓ ስለሚያሻግሩ ደላሎች ነው። ከኮምቦልቻ በባቲ አድርጎ ወደ ጅቡቲ የሚወርደውን መንገድ የሚያውቅ ሰው ብዙ ማብራሪያ አይፈልግም።)

ደበበ ግን የአንድ ፊልም ሰው አልነበረም። ሃንጋሪ ሄዶ ቴአትር ያጠና፣ ዕድሜውን በአዲስ አበባ መድረኮች ላይ የጨረሰ ባለሙያ ነው። አብዛኛው ሰው በስም የሚያነሳው ደግሞ በፖለቲካው ነው። ከ1997ቱ ምርጫ በኋላ ከቅንጅት መሪዎች ጋር ታሰረ፤ በይቅርታ ወጣ፤ በ2003 መጨረሻ ላይ እንደገና ታሰረ፤ ኋላም ተፈታ። እስሩ በየጋዜጣው ተጽፏል፤ ትወናውስ የት አለ? መጋረጃው በወረደ ቁጥር አብሮ ወርዷል። የአሜሪካ ስቱዲዮ ለአጋዥ ሚና የቀረጸውን ግማሽ ምዕተ ዓመት ጠብቆ ሲያቆይ፣ አገሩ ዋናውን ሥራውን ለተመልካች ትዝታ ብቻ ትታዋለች።

«ያኔ ካሜራ የት ነበረና?» ይባል ይሆናል። ለድሮው ትክክል ነው። ያም ሆኖ ወጋየሁ ንጋቱን ማየት ያስፈልጋል። ካረፈ ከ30 ዓመት በላይ ሆኖታል፤ «ፍቅር እስከ መቃብር»ን በሬዲዮ ሲተርክ የተቀዳው ድምፁ ግን እሱ በሞተበት ጊዜ ያልተወለዱ ልጆች ጆሮ ውስጥ አለ። ልዩነቱን ያመጣው የችሎታ መበላለጥ ሳይሆን የአንዱ ሥራ በክር መቀዳቱ ነው።

አሁን ደግሞ ካሜራ በየኪሱ አለ። ትወና የሚወድ የኮምቦልቻ ወጣት ሃያ ምናምን ኪሎ ሜትር ዳገት ወጥቶ ደሴ ወሎ ባህል አምባ መድረክ ላይ ይቆማል፤ ወራት ያጠናውን ቴአትር ጥቂት ቀን አሳይቶ ይመለሳል። ከዚያ የሚተርፈው ፖስተርና ሁለት ደብዛዛ ፎቶ ነው። አዲስ አበባ ሄዶ ሥራ ሲጠይቅ «የሠራኸውን አሳየን» ቢሉት ምን ያሳያል?

የተቀረጸ ቴአትር ሕይወት የለውም፣ አዳራሹንም ባዶ ያስቀራል የሚሉ ባለሙያዎች አሉ። ስጋታቸው ከንቱ አይደለም። ነገር ግን ቀርጾ ማስቀመጥና ዩቲዩብ ላይ መበተን ለየቅል ናቸው። ቴአትሩ ከመድረክ እስኪወርድ ቅጂው በመዝገብ ቤት ይቀመጥ፤ ለሕዝብ የሚለቀቀው ደራሲውና ተዋንያኑ ሲፈርሙና ድርሻቸው ሲከፈላቸው ይሁን። ይህ አዲስ ሕንፃ አይጠይቅም። የደሴና የኮምቦልቻ ባህል ጽሕፈት ቤቶች አንድ ካሜራ፣ አንድ ጥሩ ማይክሮፎንና ኃላፊነቱን የሚወስድ አንድ ሠራተኛ ቢመድቡ ከሚቀጥለው ትርኢት መጀመር ይቻላል።